ኩበት ሻጯ ሥራ አላት? የሠራተኛ ኃይል ጥናቱ ከደብረ ብርሃን ሲታይ

የምንገመግመው የኢትዮጵያ ስታቲስቲክስ አገልግሎት (በቀድሞ ስሙ ማዕከላዊ ስታቲስቲክስ ኤጀንሲ) የሚያወጣውን አገር አቀፍ የሠራተኛ ኃይል ጥናትና ታናሽ ወንድሙን፣ የከተሞች የሥራ ስምሪትና ሥራ አጥነት ጥናትን ነው። ነጥባችንን ቀድመን እንስጥ፦ ለአገርና ለክልል ከ5 4፣ ለዞን 2፣ ለወረዳ 0።

ሰሜን ሸዋ ተቀምጦ ይህን ጥናት የሚከፍተው ማነው? የመመረቂያ ጽሑፍ ያለበት ተማሪ፣ የዓመት ዕቅድ የደረሰበት የከተማ ባለሙያ፣ ደብረ ብርሃን ወይም አረርቲ ላይ ፋብሪካ ሊተክል የሰው ኃይል የሚያስጠና ባለሀብት። ሦስቱም ዘለው የሚሄዱት ወደ አንድ ቁጥር ነው፤ ወደ ሥራ አጥነት ምጣኔው። ካልተጠነቀቁለት ቶሎ የሚያሳስተውም እሱው ነው።

ከቁጥሩ በፊት ግን ዓመተ ምሕረቱን አጣሩ። አገር አቀፉ ጥናት በ1991፣ በ1997፣ በ2005 እና በ2013 ዓ.ም. ተካሂዷል። በፈረንጅ አቆጣጠር 1999፣ 2005፣ 2013 እና 2021 መሆኑ ነው። ጎን ለጎን አስቀምጣችሁ እዩት፦ 2005 የሚባል ጥናት ሁለት አለ፣ 2013 የሚባልም ሁለት አለ። በፈረንጁ 2013 አገራዊው ምጣኔ 4.5 በመቶ፣ በእኛው 2013 ደግሞ 8 በመቶ ነበር። በእንግሊዝኛ ከተጻፈው ሪፖርት ቁጥር አንሥቶ «በ2013 ዓ.ም.» ብሎ የሚጽፍ ሰው የሥራ አጡን ምጣኔ በአንድ የብዕር ጭረት በግማሽ ሊቀንሰው ምንም አይቀረው። ስለዚህ በማስታወሻችሁ ላይ ሁለቱንም ዘመን ጻፉ፤ ወሩንም ጨምሩ። ለምን ወሩን እንዳልን ወደ በልግ ስንደርስ ግልጽ ይሆናል።

አሁን ወደ መጠይቁ። መረጃ ሰብሳቢው ቤት ለቤት ይሄዳል፤ ዕድሜያቸው 10 ዓመትና ከዚያ በላይ ስለሆናቸው የቤተሰብ አባላት ሁሉ ይጠይቃል፤ ዋናው ጥያቄ የሚመለከተው ያለፉትን 7 ቀናት ነው። በቀደሙት ዙሮች በእነዚያ 7 ቀናት ቢያንስ 4 ሰዓት የሠራ ሰው ሥራ ላይ ነው ይባል ነበር። የዓለም ሥራ ድርጅት መለኪያ ደግሞ 1 ሰዓት ነው። ዕድሜውም እንዲሁ ነው፤ ሌሎች አገሮች በብዛት የሚቆጥሩት ከ15 ዓመት ጀምሮ በመሆኑ የእኛን ቁጥር ከኬንያው ጋር የሚያወዳድር ሰው አስቀድሞ ከ10 እስከ 14 ያሉትን ማውጣት አለበት።

መጠይቁ በደንብ ሲሠራ ምን እንደሚመስል ለማየት ከደብረ ብርሃን ወጣ ብሎ ባሶና ወራና ወረዳ ውስጥ ያለች አንዲት ሴት እናስብ። ሰብሳቢው «እትዬ፣ ባለፉት 7 ቀናት ሥራ ሠርተዋል?» ይላታል። «ኧረ እኔ ምን ሥራ አለኝ፣ ከቤት ነኝ» ትላለች። ሰነፍ ሰብሳቢ እዚህ ላይ ይጽፍና ይሄዳል። ጎበዙ የማውጣጫ ጥያቄውን ያነባል፦ «ለሽያጭ የጠፈጠፉት ኩበት፣ ያወጡት አረቄ፣ የፈተሉት የበግ ፀጉር የለም?» «እሱማ አለ። እሱም ሥራ ተባለ?»

በዚህች መልስ ላይ ብዙ ነገር ያርፋል። ሰኞ ኩበት ስትጠፈጥፍ 2 ሰዓት፣ በገበያ ቀን አህያዋን ጭና ስትሸጥ 3 ሰዓት ከዋለች 5 ሰዓት ሆነ፤ በ4 ሰዓቱም በ1 ሰዓቱም መለኪያ ሥራ ላይ ናት። በጠቅላላው 3 ሰዓት ብቻ ከሆነ በድሮው የእኛ መለኪያ ሥራ የላትም፣ በዓለም አቀፉ አላት። የጠፈጠፈችው ለራሷ ምድጃ ከሆነ ደግሞ ሌላ ነው። እ.ኤ.አ. በ2013 የተካሄደው 19ኛው ዓለም አቀፍ የሠራተኛ ስታቲስቲክስ ባለሙያዎች ጉባኤ ለራስ ፍጆታ የሚመረተውን «ሥራ» አለው እንጂ «የሥራ ስምሪት» አላለውም። ስምሪት የሚባለው ለክፍያ ወይም ለትርፍ የሚሠራው ብቻ ነው። ስለዚህ ወሳኙ ጥያቄ «በዋናነት ለሽያጭ ነው ወይስ ለቤት?» የሚለው ነው። ይህን ጥያቄ ያልጠየቀ ሰብሳቢ የሴቶቹን ቁጥር ከግማሽ መንገድ ጥሎት መጥቷል ማለት ነው። አማርኛችንም አያግዘውም። «ሥራ» ሲባል ደመወዝ የሚታሰበው ሰው ብዙ ነው፤ «ሥራ ፈት» እንዳይባል የሚፈራውም ሌላ መልስ ይሰጣል። «ሥራ አጥ» እና «ሥራ ፈት» በመዝገበ ቃላት ጎረቤት ናቸው፣ በሰፈር ወሬ ግን አንዱ የሚያሳዝን፣ ሌላው የሚያሰድብ ነው።

ይኸው የ19ኛው ጉባኤ ለውጥ በመንዝ ገበሬ ላይ የበለጠ ይከብዳል። ገብስ የሚዘራው በዋናነት ለቤቱ ቀለብ ከሆነ በአሮጌው ትርጉም ሥራ ላይ ነው፣ በአዲሱ አይደለም። ማሳው ያው ነው፣ በሬዎቹ ያው ናቸው፤ የተለወጠው ሰንጠረዡ ነው። እንዲህ ያሉ ገበሬዎች ከሠራተኛው ኃይል (ከሚሠሩትና ከሥራ አጦቹ ድምር) ሲወጡ አካፋዩ ያንስና የሥራ አጥነት ምጣኔው ይጨምራል። በ2005 ዓ.ም. የገጠሩ ሥራ አጥነት 2 በመቶ አካባቢ የሆነው ገጠር ሥራ ስለተትረፈረፈ አልነበረም። ጎጆ ውስጥ ያለ ሰው ሁሉ በማሳው ተከፋፍሎ ስለሚቆጠር ነው፤ ለሁለት ሰው የሚበቃ መሬት ላይ አራት ሰው ሲውል አራቱም «ሥራ ላይ» ናቸው። ስለ ገጠር የሚጽፍ ሰው ከምጣኔው ይልቅ የሥራ ሰዓቱንና «ተጨማሪ ሥራ ቢገኝ ትሠራለህ?» የሚለውን ዓምድ ይክፈት፤ ለገጠር ከጥናቱ ምርጡ ክፍል እሱ ነው። ሁለት ዙር ከማወዳደሩ በፊት ደግሞ የትርጉም ምዕራፉን ያንብብ።

ቀጥሎ «መፈለግ» የሚለው መስፈርት አለ። በጥብቁ ትርጉም ሥራ አጥ የሚባለው ሥራ የሌለው፣ ለመሥራት ዝግጁ የሆነና ሥራ ሲፈልግ የቆየ ሰው ነው። እ.ኤ.አ. በ1982 የወጣው 13ኛው የባለሙያዎቹ ጉባኤ ውሳኔ የሥራ ገበያው ባልተደራጀበት አገር የመጨረሻውን መስፈርት ማላላት ይቻላል ብሏል፤ ኢትዮጵያም አላልታ ስትቆጥር ቆይታለች። ልዩነቱ ምን ያህል ነው? ለሒሳብ ያህል 100 ጎልማሶች ያሉበት ሰፈር እንውሰድ። 60 ይሠራሉ። 12 ሥራ የላቸውም፣ ቢገኝ ግን ዛሬ ይጀምራሉ። 28ቱ ተማሪ፣ አዛውንት፣ ሕመምተኛ ወይም ቤት ውስጥ ተይዘው ያሉ ናቸው። በላላው ትርጉም 12 ለ72 ሲካፈል 16.7 በመቶ ይመጣል። ከ12ቱ 5ቱ የማስታወቂያ ሰሌዳ ማየት ከተዉ ወራት ቢሆናቸው በጥብቁ ትርጉም ከሠራተኛው ኃይል ይወጣሉ፤ 7 ለ67 ሲካፈል 10.4 በመቶ። አንድም ሰው ሥራ ሳያገኝ ሥራ አጥነት ከ6 ነጥብ በላይ ወረደ። ለዚህ ነው የምጣኔውን ሰንጠረዥ ስትጠቅሱ ከጎኑ ያለውን የሥራ ስምሪትና የሕዝብ ጥምርታ (ከሕዝቡ የሚሠራውን ድርሻ) መጥቀስ ያለባችሁ፤ እሱ በሁለቱም ትርጉም 60 በመቶ ነው፣ ንቅንቅ አይልም።

በ2010 ዓ.ም. የከተሞቹ ጥናት ያወጣው አገራዊ የከተማ ምጣኔ 19.1 በመቶ ነበር፤ ወንዶች 12.2፣ ሴቶች 26.4። የሴቶቹ ቁጥር ከወንዶቹ እጥፍ የበለጠበት አንዱ መንገድ ይኸው መላላት ነው፦ ቤት ሆነው ለሥራ ዝግጁ ነን የሚሉ ሴቶች በጥብቁ ትርጉም ቢቆጠሩ ከሥራ አጥነቱ ዓምድ ወደ «ከሠራተኛ ኃይል ውጭ» ይሻገሩ ነበር። ልዩነቱ የሐሰት ነው ማለታችን አይደለም። ልጅ የሚይዝላት የሌላት ሴት ሥራ ፍለጋ አለመውጣቷ ራሱ የልዩነቱ አካል ነው፣ ላላ ያለው ትርጉምም ይህን ማሳየቱ ከጥናቱ ጥሩ ጎኖች አንዱ ነው።

ወሩ አሁን መጣ። የ1991 እና የ1997 ዙሮች የተካሄዱት በመጋቢት፣ የ2005ቱ በሰኔ ነው። ለብዙው የአገሪቱ ክፍል መጋቢት እጅ የሚፈታበት፣ ሰኔ የእርሻ ወር ነው። የሰሜን ሸዋ ደጋ ግን በልግ አምራች ነው፤ ዝናቡ ከሰመረ በጣርማ በርና በመንዝ የካቲትና መጋቢት ራሱ የዘር ወቅት ነው፣ ሰኔ ላይ ደግሞ የበልጉ አጨዳ ከመኸሩ ዘር ጋር ይደራረባል። ቆላው ሌላ ሕይወት አለው፦ ሸዋ ሮቢት በመስኖ ሽንኩርት የቀን ሠራተኛ ይጠራል፣ ምንጃር ለጤፍ አረምና አጨዳ። ስለዚህ በሁለት ዙሮች መካከል የታየ የገጠር ለውጥ ከፊሉ የወር ለውጥ ሊሆን ይችላል፤ በዚህ ዞን ደግሞ አቅጣጫው ከአገሪቱ ጋር ላይገጥም ይችላል። በ2013ቱ ላይ ሌላም ማስታወሻ አለ፤ ትግራይ አልተካተተችም።

ጥሬ ፋይሉን ለሚከፍቱ ሦስት ነገር እንጨምር። አንደኛው ክብደት ነው፤ እያንዳንዱ መላሽ ስንት ሰው እንደሚወክል የሚያሳየው ቁጥር። ከተማ ከሕዝብ ድርሻው በላይ ናሙና ይደርሰዋል፤ ክብደቱን ሳትጭኑ አማካይ ብታወጡ ከተሜው ያመዝንና አገራዊው ሥራ አጥነት ከሪፖርቱ በልጦ ይመጣል። ያወጣችሁት ቁጥር ከታተመው ሰንጠረዥ ጋር እስኪገጥም ድረስ ወደ ቀጣዩ ሥራ አትለፉ። ሁለተኛው ስም ነው። «ሰሜን ሸዋ» ሁለት ነው፤ አንዱ በአማራ ክልል ዋና ከተማው ደብረ ብርሃን፣ ሌላው በኦሮሚያ ዋና ከተማው ፍቼ። ፋይሎችን በዞን ስም ብቻ ያጣመረ ሰው የፍቼን ገበሬ ከመንዝ ገበሬ ጋር ደባልቆ አንድ ዞን ያደርጋል፤ ፕሮግራሙም አይጮህም። የክልሉንና የዞኑን ኮድ አንድ ላይ ተጠቀሙ። ሦስተኛው የናሙናው መጠን ነው፣ ለዞን 2 ነጥብ ብቻ የሰጠነውም በእሱ ምክንያት ነው።

ሒሳቡ ይኸውና። ከዞኑ ከተሞች በናሙናው የገቡት የሠራተኛ ኃይል አባላት 300 ናቸው እንበል፤ ምጣኔው 18 በመቶ ወጣ። ሰዎቹ አንድ በአንድ በዕጣ ቢመረጡ ኖሮ የስህተቱ ወሰን 4.3 ነጥብ ወዲህና ወዲያ ይሆን ነበር። ግን አልተመረጡም፤ መጀመሪያ የቆጠራ ቦታ፣ ከዚያ ከእያንዳንዱ ቦታ በዛ ያሉ ቤተሰቦች ነው የተወሰዱት። የአንድ ሰፈር ሰው ይመሳሰላል፤ ፋብሪካ አጠገብ ያለው ሰፈር ሁሉ ሠራተኛ፣ ዩኒቨርሲቲው አጠገብ ያለው ሁሉ ተማሪ። በዚህ ምክንያት ልዩነቱ (ቫሪያንሱ) በ2 ቢባዛ ወሰኑ በ2 ካሬ ሥር፣ ማለትም በ1.4 ያህል፣ ይባዛና 6.1 ነጥብ ይደርሳል። 18 ያላችሁት ከ12 እስከ 24 ባለው ውስጥ የትም ሊሆን ይችላል ማለት ነው። በዚህ ላይ ተመሥርቶ «ሥራ አጥነት ከአምናው በ3 ነጥብ ቀነሰ» ብሎ ሪፖርት መጻፍ ጭጋግ ውስጥ በግ መቁጠር ነው። ወደ ወረዳ ሲወረድ ጭርሱን አይሆንም።

ደብረ ብርሃን ላይ ጎልቶ የሚታይ ሌላ ድክመት አለ። ጥናቱ ቤተሰብ የሚለው አብሮ የሚኖርንና ከአንድ ማዕድ የሚበላን ነው። የኢንዱስትሪ ፓርኩና የፋብሪካዎቹ ወጣት ሠራተኞች ግን ለሦስት ለአራት ሆነው ከግቢ ጀርባ ያለ ክፍል ይከራያሉ፤ አንዷ የቀን፣ አንዷ የሌሊት ፈረቃ። የቤት ዝርዝሩ ሲመዘገብ አከራይዋ «የእኛ ቤት አንድ ነው» ካለች ተከራዮቹ ይጠፋሉ። ተመዝግበው ከሆነም ሰብሳቢው የሚመጣው በቀን ስለሆነ መልሱን የምትሰጠው ቤት የተገኘችው ናት። ሌላ ሰው ስለ እነሱ ሲመልስ ሥራ መኖሩን ያውቃል፣ ሰዓቱንና ክፍያውን ይገምታል፤ «አምስት ሺህ ሳይሞላ አይቀርም» የሚል መልስ ሰንጠረዥ ውስጥ ሲገባ እንደ ሐቅ ይቆማል። ሆስቴልን በመሳሰሉ የጋራ ማደሪያዎችና ጎዳና ላይ ያሉ ሰዎችም በቀደሙት ዙሮች ከናሙናው ውጭ ነበሩ። ፈረቃ ያለበት ከተማ ላይ የሚሠራ ጥናት ምሽትና እሑድ ተመላልሶ ማንኳኳትን በጀት ውስጥ ማስገባት አለበት።

የሥራ ቦታ እኩልነትን በዚህ ጥናት እናጥና ለሚሉ፦ የጾታ ክፍያ ልዩነትን ታገኛላችሁ፣ በአንድ ድርጅት ውስጥ ያለውን ግን አታገኙም። ጥናቱ ሰውን እንጂ ቀጣሪን ስለማይከተል ሁለት መላሾች በአንድ መስመር ላይ ጎን ለጎን ቢሰፉም ፋይሉ አያውቃቸውም። ያለውንም ስትለኩ የትኛውን ክፍያ እንደያዛችሁ ለዩ። ለምሳሌ ያህል የወንዱም የሴቷም መነሻ ደመወዝ 3,120 ብር ነው። በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 መደበኛው ሰዓት በሳምንት 48 ነው፣ በወር 208 ይመጣል፤ ስለዚህ የሰዓቱ 15 ብር። ወንዱ በወሩ 40 ሰዓት የቀን ትርፍ ሰዓት ሠራ፤ ለቀኑ ክፍያው አንድ ተኩል እጥፍ፣ ማለትም 22.50 ብር ስለሆነ 900 ብር ተጨመረለትና 4,020 አገኘ። በወር ገቢ ስትለኩ ሴቷ 22.4 በመቶ ታንሳለች። በአማካይ የሰዓት ገቢ 7.5 በመቶ። በመነሻ ደመወዝ ልዩነቱ ዜሮ። ሦስቱም ትክክለኛ ሒሳብ ነው፣ የሚመልሱት ጥያቄ ግን ለየቅል ነው። «ልዩነት የለም» የሚል አሠሪ ሦስተኛውን፣ ቅሬታ ያላት ሠራተኛ የመጀመሪያውን ታነሣለች። ለጥናት የሚጠቅመው ሁለቱን አስታርቆ ትርፍ ሰዓቱ ለምን ለእሷ እንዳልደረሰ መጠየቅ ነው፦ ማታ ሰርቪስ አለ? የሚደለድለው ማነው? ልጅ ማን ይይዛል? ለሌሊት አንድ ከሦስት አራተኛ፣ ለዕረፍት ቀን ሁለት፣ ለሕዝብ በዓል ሁለት ተኩል እጥፍ ስለሚከፈል ድልድሉ ውስጥ ያለ አድልዎ ከደመወዝ መዝገቡ ላይ ሳይታይ ኪስ ውስጥ ይታያል።

ጥናቱ ጨርሶ የማያሳየው ደግሞ ፍሰት፣ ማለትም ሥራ መግባትና መልቀቅ፣ ነው። ፎቶ ያነሣል፣ ፊልም አይቀርጽም። ክሪስቶፈር ብላትማንና ስቴፋን ደርኮን በ5 የኢትዮጵያ ድርጅቶች ባካሄዱትና እ.ኤ.አ. በ2018 በታተመው የዕጣ ሙከራ፣ ሥራ ከተሰጣቸው አመልካቾች ሲሶ ያህሉ በመጀመሪያው ወር፣ 77 በመቶው በዓመት ውስጥ ለቅቀዋል። ይህን የመሰለ መመላለስ ባለበት 100 የስፌት መኪና ከ100 ሠራተኛ ጋር ያለው የልብስ ፋብሪካ፣ አንድ ሠራተኛ በአማካይ 6 ወር ብቻ ቢቆይ፣ በዓመት 200 ሰው ይቀጥራል። የመዝጋቢው ቢሮ «ለ200 ሰው ሥራ ተፈጠረ» ይላል፣ የቤት ለቤቱ ጥናት 100 ሰው ብቻ ያገኛል። የዋሸ የለም፤ አንዱ ቅጥርን ቆጠረ፣ ሌላው ሰውን። የምዝገባ ቁጥር በተቃራኒው አቅጣጫም ያሳስታል፦ ሥራ ፈላጊ ደብዳቤ ወይም መደራጃ ሲፈልግ ይመዘገባል፣ ሥራ ሲያገኝ ግን «ሰርዙኝ» ብሎ የሚመለስ ማነው? ባለሀብቱ ስለዚህ ከጥናቱ የአካባቢውን የዕድሜና የትምህርት ስብጥር ይውሰድ፤ የሠራተኛ ፍልሰቱን (ስንቱ እንደሚለቅ) ግን በአካባቢው ካሉ ፋብሪካዎች የሰው ኃይል ክፍል በወር በወር ይጠይቅ።

ለወረዳ 0 ከሰጠን ተማሪው ምን ያድርግ? የራሱን ናሙና ይሰብስብ፣ ግን በልማድ የናሙና መጠን ተብላ የምትጠቀሰውን 384ን እንደ ዳዊት አይድገማት። ያቺ ቁጥር የምትመጣው ምጣኔው 50 በመቶ፣ ወሰኑ 5 ነጥብ፣ ምርጫውም ተራ ዕጣ ነው ተብሎ ሲታሰብ ነው። በየቀበሌው እየተዞረ ከተሰበሰበና ከላይ ያነሣነው ልዩነት (ቫሪያንሱ) በ2 ከተባዛ 768 ትሆናለች። ከአሥር ሰው አንዱ አይገኝም ተብሎ ከተገመተ 768 ለ0.9 ይካፈልና 854 ይሆናል፤ ብዙዎች እንደሚያደርጉት 10 በመቶ ብቻ ከተጨመረ 845 ይመጣና 9 ሰው ይጎድላል። ሴትና ወንድን ለየብቻ በዚያው ወሰን ለመለካት ደግሞ 854 ለእያንዳንዳቸው ነው፣ ለሁለቱም አንድ ላይ አይደለም። የተቆጠረውም ሰው ከሠራተኛው ኃይል የሆነው ብቻ ነው። ከ100 ጎልማሳ 28ቱ ተማሪና አዛውንት ከሆኑ 854 ለማግኘት 1,187 ሰው ማነጋገር ይጠይቃል። የመላላኪያው በጀት ለዚህ ካልበቃ ርዕሱን ወደ አንድ ቀበሌ ወይም ወደ አንድ የፋብሪካ ሰፈር ማጥበብ ይሻላል፤ መጠይቁን ግን ከአገር አቀፉ ላይ ቃል በቃል ይቅዳ፣ የማውጣጫ ጥያቄዎቹን ጭምር፣ ያ ካልሆነ ኩበት ሻጯ እንደገና «ከቤት ነኝ» ብላ ታልፈዋለች።